ካቲ ሳርክ፦ የአሰብ ታሊ ክለርክ ሲያያት

ለንደን ውስጥ ለሙዚየም ስለቆመችው የድሮ ሸራ መርከብ፣ ስለ ካቲ ሳርክ፣ ግምገማዬን ከማንበባችሁ በፊት ማን እንደሆንኩ ልንገራችሁ። ባሕረኛ አይደለሁም። አሰብ ወደብ ላይ ታሊ ክለርክ ነበርኩ። እንጀራዬ መቁጠር ነበር። ከመርከብ የሚወርደውን ስንዴ፣ ወደ መርከብ የሚወጣውን ቡና፣ እርሳስ ጆሮዬ ላይ ሰክቼ እቆጥራለሁ። አራት መስመር አቆማለሁ፣ አምስተኛውን በላያቸው አጋድማለሁ። ሙቀቱ አርባን ሲያልፍ ወረቀቱ ላብ ጠጥቶ ይቀደዳል። ያም ሆኖ ቁጥሩ መግጠም አለበት። አንድ ጊዜ ሠላሳ ሁለት ጆንያ ጎደለብኝና ስሙን የማልጠራው ድርጅት ለአምስት ወር ከደመወዜ ቆረጠ። ጆንያው በኋላ ሌላ መጋዘን ውስጥ ተገኘ። ገንዘቤ ግን እስከ ዛሬ አልተገኘም።

ስለዚህ መርከብ ሳይ ዓይኔ መጀመሪያ ወደ ሸራዋ አይሄድም። ሆዷ ስንት ይይዛል? በስንት ሰው ትነዳለች? ሥራ ሲጠፋ ምን ትጭናለች? እኔ የምጠይቀው ይህን ነው።

ለንደን ስኖር ከሃያ ዓመት በላይ ሆነኝ። ግሪኒች የቆመችውን ካቲ ሳርክን ከአውቶቡስ መስኮት ስንት ጊዜ እንዳየኋት አልቆጠርኩም። ለቆጣሪ ነውር ነው። ሦስት ረጃጅም ምሰሶ፣ የገመድ ጫካ፣ ከሥሯ መስታወት። "የቱሪስት ነገር" እያልኩ አልፋት ነበር።

ባለፈው ወር አንድ የድሮ ጓደኛዬ ከስዊድን ሊጠይቀኝ መጣ። እሱ መርከብ ላይ ሞተር ክፍል ነበር የሚሠራው። እኛ "ማኪና" እንለዋለን፤ እሱ ደግሞ እኔን "ታሊ" ይለኛል። በስማችን ከተጠራራን የተጣላን ቀን ነው። የት ልውሰደው ብዬ ሳስብ መርከቧ ትዝ አለችኝ።

"ሸራ መርከብ ልታሳየኝ ነው?" አለኝ። "ሞተር የሌለው መርከብ እኮ ጀልባ ነው።"

ጉልበቱን ስለሚያመው ደረጃ አይወድም። ሊፍት አለ አልኩት። እያጉረመረመ መጣ።

ለመሄድ ቀላል ነው። የዲኤልአር ባቡር በስሟ የተሰየመ ጣቢያ አለው። ከዚያ ወጥታችሁ ጥቂት እንደተራመዳችሁ ምሰሶዎቿ ከቤቶቹ ጣሪያ በላይ ይታያሉ። ትልቁ ምሰሶ ከወለሏ 46 ሜትር ገደማ ይወጣል። የመግቢያውን ዋጋ አስቀድማችሁ ኢንተርኔት ላይ እዩት፤ ርካሽ አይደለም። ልብ ያለው ሰው ለብቻው ከፍሎ ገመዱን ተንጠላጥሎ ምሰሶው ላይ መውጣትም ይችላል። እኔና ማኪና ልቡ ቢኖረን ጉልበቱ የለንም።

መግቢያው ከታች በኩል ነው፤ በጎኗ ገብታችሁ በቀጥታ የጭነት ክፍሉ ውስጥ ትገኛላችሁ። ይሄን ያሰበውን ሰው እጁን ብጨብጠው ደስ ይለኛል። ብዙ ሰው መርከብን ከላይ ወደ ታች ነው የሚያያት። መታየት ያለባት ግን ከሆዷ ጀምሮ ነው። ላይ ያለው ገመድና ሸራ ሁሉ የተሠራው ይህን ሆድ ለመሸከም ነው።

ውስጡ እንደ ዓሣ አጽም ነው። ብረት የጎን አጥንት፣ በላዩ የእንጨት ቆዳ። ነጭ የተቀባው የ1869ኙ ብረት ነው፤ ግራጫው ለጥገና የገባው አዲሱ። (ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ ሰነዶቿ እንደዚያ ስለሆኑ።) ከመርከቧ አካል 90 በመቶ ያህሉ የመጀመሪያው ነው ይላሉ።

እዚህ ላይ ማኪና ዝም ማለት አቃተው። ለምን ሁሉንም በብረት አልሠሩትም ብዬ ጠየቅኩት። ጣቱን ብረቱ ላይ እያንኳኳ አስረዳኝ።

"በዚያ ዘመን ከውኃ በታች ያለውን አካል በመዳብ ወይ በመዳብ ቅልቅል ካላለበስከው ሣርና ቀንድ አውጣ ይበቅልበታል። ሣር ከበቀለበት ይጎተታል፣ ፍጥነት የለም። ብረት ላይ ደግሞ መዳብ ብትለጥፍ፣ በጨው ውኃ ውስጥ ብረቱን ይበላዋል። ሁሉን እንጨት ብታደርገው አጥንቱ ራሱ ወፍራም ይሆንና የጭነቱን ቦታ ይይዛል።"

"ስለዚህ?"

"ስለዚህ አጥንቱ ብረት፣ ቆዳው እንጨት፣ ልብሱ መዳብና ዚንክ። ተንኮለኞች ናቸው።" ይቺ "ተንኮለኞች" ከማኪና አፍ ስትወጣ ትልቅ ምስጋና ናት።

አሁን ወደኔ ሥራ ልምጣ። መርከቧ የተሠራችው ከቻይና ሻይ ለማምጣት ነው። በ1870 የመጀመሪያ ጉዞዋን አደረገች። ወደ ሻንጋይ ስትሄድ ወይን፣ ቢራና አረቄ ጭና ነበር። ስካሩን አራግፋ ማርከሻውን ይዛ ተመለሰች ማለት ነው። የመለሰችው ሻይ 1.3 ሚሊዮን ፓውንድ ይመዝናል፤ በኪሎ 590 ሺህ ገደማ። እርሳሴን አወጣሁ። በእኛ ባለ 60 ኪሎ የቡና ጆንያ ሲቆጠር ወደ 9,800 ጆንያ ይሆናል። አሰብ ላይ ይህን ያህል ለመጫን ስንት ክሬንና ስንት ፈረቃ እንደሚያስፈልግ አውቃለሁ። እዚያ ግን ክሬን አልነበረም። የሰው ትከሻ ነው።

አጫጫኑን እንዳነበብኩት ልንገራችሁ፤ ለእኔ ከጉብኝቱ ሁሉ ጣፋጩ ይህ ነው። መጀመሪያ ከሥር ጠጠር ይነጠፋል። ጠጠሩ ሁለት ሥራ አለው። መርከቧን ያከብዳታል፤ ሣጥኖቹንም ከሥር ከሚጠራቀመው ቆሻሻ ውኃ ያርቃል። ከዚያ ርካሹ ሻይ ከታች ይደረደራል፣ ምርጡ መሃል ላይ። የቻይና ጫኞች ሣጥኖቹን በእንጨት መዶሻ እየመቱ ያጣብቋቸዋል። በመካከላቸው ጣት አይገባም። ለምን? ጭነት ባሕር ላይ ከተንሸራተተ መርከብ ይጋደማል። አንድ ላይ የተጣበቀ ጭነት ግን የመርከቧ አካል ይሆናል። አሰብ ላይ አንድ ካቦ ነበረን፤ "ጆንያው ይተቃቀፍ!" እያለ ይጮህ ነበር። ያኔ ጩኸቱ ያናድደኝ ነበር። ሻንጋይ ላይም የሱ ዓይነት ሰው መኖሩ አይቀርም።

አሁን መናገር የፈለግኩት ትልቅ ነገር መጣ። ይህች መርከብ ስትወለድ ጀምሮ ጊዜዋ አልፎ ነበር።

ውኃ የነካችው ኖቬምበር 22 ቀን 1869 ስኮትላንድ ውስጥ፣ ደምባርተን በምትባል ከተማ ነው። የሱዌዝ ቦይ የተከፈተው ኖቬምበር 17 ቀን። አምስት ቀን ብቻ ቀድሟታል። ከዚያ ደግሞ ሁለት ቀን ቀደም ብሎ፣ ኖቬምበር 15፣ ጁሴፔ ሳፔቶ የሚባል ኢጣሊያዊ ሩባቲኖ ለሚባለው የመርከብ ኩባንያ የአሰብን የባሕር ዳርቻ ከአካባቢው ሱልጣኖች ለመግዛት ተፈራረመ። ቦዩ ሊከፈት ስለሆነ፣ የእንፋሎት መርከቦች ከሰል የሚሞሉበት ቦታ ይፈልጉ ነበር።

ቀኖቹን ጎን ለጎን ስጽፋቸው እጄ ቆመ። ስምንት ቀን ነው ሁሉም። እኔ ወጣትነቴን የጨረስኩበት ወደብ፣ ቦዩ፣ እና ይህች መርከብ። ወደቡ የተገዛው እሷን ከሥራ ለሚያስወጣት ለእንፋሎት ነው። ለማኪና ነገርኩት። "አየህ? ያሸነፍነው እኛ ነን" አለና ደረቱን ነፋ።

ቦዩ መንገዱን ከሦስት ሺህ ማይል በላይ አሳጠረ። ታዲያ እሷስ ለምን በዚያ አላለፈችም? መልሱን እኛ ቀይ ባሕር ላይ የኖርን ሰዎች ለማንም ሳንጠይቅ እናውቀዋለን። ነፋሱ ነው። አሰብ አካባቢ ከጥቅምት እስከ ሚያዝያ ከደቡብ ምሥራቅ ይነፍሳል። የየመን ሳምቡኮች (ሸራ ጀልባዎች) ይህን ጠብቀው ነው ወደ ሰሜን የሚወጡት። ከባሕሩ መሃል ወደ ላይ ሲኬድ ግን ዓመቱን ሙሉ ከሰሜን ምዕራብ ነው የሚነፍሰው፤ ፊት ለፊት። ትልቅ ሸራ መርከብ በዚያ ጠባብ ባሕር፣ ግራ ቀኝ ድንጋይ እያለ፣ ነፋስን ፊት ለፊት እየተጋፋች ሱዌዝ ልትደርስ አትችልም። ብትደርስም ቦዩን የምታልፈው ተጎትታ፣ ከፍላ ነው። ስለዚህ አፍሪካን በደቡብ ጫፏ፣ በኬፕ፣ ዞራ መምጣት ግድ ሆነባት።

የሻይ ጉዞዋ ስምንት ብቻ ነው። ከዚያ እንፋሎት ሻዩን ነጠቃት።

መካከለኛው ፎቅ ላይ ስለ ውድድሩ ትሰማላችሁ። ያኔ የዓመቱን አዲስ ሻይ ቀድሞ ለንደን ያደረሰ ጥሩ ዋጋ ያገኛል፤ ሰውም በመርከቦቹ ይወራረዳል። ባለቤቷ ጆን ዊሊስ ነጭ ባርኔጣ የማይለየው የለንደን ነጋዴ ነበር። ቴርሞፒሊ የምትባለውን ፈጣን መርከብ የምትበልጥለት ነው ያሠራው። በዋጋ ደግሞ ድርቅ ያለ ሰው ነበር። ለ16,150 ፓውንድ ተዋውሎ አሠርቷት፣ ስኮትና ሊንተን የሚባሉት ሠሪዎች ሳይጨርሷት ከሰሩ። የጨረሷት ሌሎች ናቸው። ርካሽ ኮንትራት የወሰደ ኮንትራክተር መጨረሻው በየትም አገር ያው ነው።

በ1872 ሁለቱ መርከቦች ጁን 18 ቀን አብረው ከሻንጋይ ተነሡ። ካቲ ሳርክ ቀደመች፤ በ400 ማይል ገደማ። ኦገስት 15 ቀን ሕንድ ውቅያኖስ ላይ ማዕበል መጣና መሪዋን ገንጥሎ ወሰደው። መሪ የሌለው መርከብ ምን ማለት እንደሆነ ማኪናን ጠይቁት፤ እንደ ገደል ጫፍ ልጅ ነው። የባለቤቱ ወንድም መርከቧ ላይ ነበረና "ወደብ እንግባ" ብሎ ከካፒቴን ሙዲ ጋር ተጨቃጨቀ። ካፒቴኑ እምቢ አለ። አናጢው ሄንሪ ሄንደርሰን ከመለዋወጫ ምሰሶ መሪ ጠረበ። ብረቱን እዚያው በምትወዛወዘው መርከብ ወለል ላይ እሳት አንድደው፣ ማዕበሉ እየረጫቸው ቀጠቀጡት። ቀን ከሌት ሠርተው መሪውን ባሕሩ ላይ ሳሉ ገጠሙት። በኋላ ሲላላ ደግመው ሠሩት። ለንደን የገባችው ቴርሞፒሊ ከደረሰች ከአንድ ሳምንት በኋላ ነው።

ተሸነፈች። ግን ያ ጉዞ ነው ስሟን ያቆመው።

ማኪና እዚህ ጋ ረጅም ጊዜ ቆመ። እሱ ራሱ አንድ ጊዜ አረብ ባሕር ላይ ሞተር ቆሞባቸው፣ ፒስተን ለማውጣት ሁለት ቀን እንዳልተኙ ስንት ዓመት አውርቶኛል። አሁን ግን አላወራውም። "ያ አናጢ..." አለና ተወው።

ደረጃውን (ማኪና ሊፍቱን) ይዘን ወደ ላይኛው ወለል ወጣን። እዚህ የሰዎቹን ኑሮ ታያላችሁ። ባሕረኞቹ የሚተኙት ወለሉ ላይ በተሠሩት ትንንሽ ቤቶች ውስጥ ነው። አልጋው ሣጥን ነው፤ ከላይና ከታች የተደራረበ። ገብቼ በክንዴ ለካሁት። እግሬን አጥፌ ካልሆነ አልይዝም። በዚህች ውስጥ አራት ሰዓት ይተኛሉ፣ አራት ሰዓት ይሠራሉ፤ ለወራት። እርጥብ ልብስ የሚደርቅበት ቦታ የለም።

ወጥ ቤቱ ከኛ ሰፈር ሱቅ ያንሳል። ምግቡ ደረቅ ብስኩት፣ በጨው የተዘፈዘፈ ሥጋና አተር ነው። ብስኩቱ ድርቆሻችን ነው ብላችሁ አታስቡ፤ ድርቆሽ ወጥ ሲነካው ነፍስ ይዘራል። አንድ ነገር አለ ደግሞ፦ ድድ የሚያደማው በሽታ እንዳይዛቸው በሕግ የሎሚ ጭማቂ ይሰጣቸው ነበር።

ከዚያ ወደ ኋላ ሄዳችሁ የካፒቴኑን ሳሎን እዩ። የተወለወለ እንጨት፣ ረጅም ጠረጴዛ፣ የእሳት ምድጃ። ሃያ እርምጃ አይሆንም ልዩነቱ። የወደብ አስተዳዳሪው ቢሮና የእኛ የቆርቆሮ ጥላ ትዝ አሉኝ።

በዚህ ሁሉ ገመድ ላይ ስንት ሰው ይሠራ እንደነበር ገምቱ። ገመዱ ሲቀጣጠል ከ17 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ሸራው ሁሉ ሲዘረጋ ሦስት ሺህ ካሬ ሜትር ሊሞላ ጥቂት ይቀረዋል። ሰዎቹ ግን ብዙውን ጊዜ ከሠላሳ አይበልጡም። በአንድ ወቅት 19 ብቻ ነበሩ። ማኪና ቁጥሩን ሰምቶ ሳቀ። "የድርጅት ነገር" አለ። "ሰው ይቀንሱና 'ተባበሩ' ይሏችኋል።"

ጥሩ ዘመኗ የመጣው ከሻይ በኋላ ነው። ሥራ አጥታ ያገኘችውን እየጫነች ቆይታ ነበር፤ ከሰልም ጁትም። በ1880 አንድ ጨካኝ ምክትል አንድ ባሕረኛ ገደለ። ካፒቴኑ ገዳዩን አስመለጠውና፣ በኋላ ራሱ ጃቫ ባሕር ውስጥ ዘለለ። ከ1883 ጀምሮ ግን የአውስትራሊያ ሱፍ መጫን ጀመረች። በደቡብ ያለው ኃይለኛ ነፋስ የተፈጠረው ለሷ ነው ይባላል። ካፒቴን ሪቻርድ ዉድጌት በ1885 ሲረከባት ከሲድኒ ለንደን በ73 ቀን አስገባት። ይህ ሰው ውሻ ያረባል፣ ፎቶ ያነሳል፣ ባዶው መካከለኛ ፎቅ ላይ በሮለር ስኬት ይንሸራተታል። እኔ ስኬቱን ሳይሆን ባዶውን ፎቅ ነው ያሰብኩት። ባዶ ፎቅ ማለት ጭነት አልተገኘም ማለት ነው። ሱፍ ሲገኝማ ባሌውን በጃክ እየጨቆኑ ነው ወደ ውስጥ የሚያስገቡት፤ የመርከቧ ጎን እስኪወጠር። በ1883 የመጀመሪያው የሱፍ ጭነቷ ከአራት ሺህ ባሌ በላይ ነበር።

ማኪናን ዝም ያሰኘሁበት ታሪክ ይኸውላችሁ። ጁላይ 25 ቀን 1889 ሌሊት፣ ብሪታኒያ የምትባል አዲስ የእንፋሎት ፖስታ መርከብ በሙሉ ኃይሏ ወደ ሲድኒ ትሄድ ነበር። ከኋላዋ ብርሃን መጣ። ሌላ እንፋሎት መሰላቸው። ቀረበ፣ አለፋቸው፣ ጠፋ። ጠዋት ሲድኒ ሲደርሱ ካቲ ሳርክን ቀድማቸው መልህቅ ጥላ አገኟት። በ17 ኖት (በሰዓት 31 ኪሎ ሜትር ገደማ) ነበር የሄደችው።

"ነፋሱ ጥሩ ነበር ማለት ነው" አለ ማኪና።

"ሞተሩስ?"

"ሞተር ነፋስ አይጠብቅም። ነገ ነፋሱ ይቆማል፣ እሷም ትቆማለች።" እውነቱን ነው። እንደዚያም ሆኖ ለአምስት ደቂቃ ያህል አላናገረኝም።

አሁን ወደ ታች ውረዱ፤ ከመርከቧ ሥር። የድሮ መርከቦች ፊት ላይ የሚተከሉት የእንጨት ምስሎች ተሰብስበው የቆሙት እዚህ ነው፤ ከ80 በላይ ናቸው። የእሷ ምስል ናኒ የምትባል ጠንቋይ ናት። ካቲ ሳርክ በስኮቶች አጭር ሸሚዝ ማለት ነው። ሮበርት በርንስ በጻፈው ግጥም ውስጥ አንድ የሰከረ ገበሬ ሌሊት በፈረስ ሲያልፍ ጠንቋዮች ሲጨፍሩ ያያል። አንዷ አጭር ሸሚዝ ለብሳለች። አላስችል ብሎት "ጎሽ፣ ባለ አጭር ሸሚዝ!" ብሎ ይጮሃል። ይከተሉታል። ጠንቋይ ወራጅ ውኃ አይሻገርም ብለው ስለሚያምኑ ድልድይ ላይ ሲደርስ ያመልጣል፤ ናኒ የያዘችው የፈረሷን ጭራ ብቻ ነው። ምስሏ እጅ ላይ ያለው ያ ጭራ ነው። ማኪና አልገባውም። "የኛ ጋኔን ውኃ ዳር ነው የሚያድረው። የነሱ ውኃ ይፈራል? ውኃ የምትፈራን ጠንቋይ ደግሞ መርከብ ላይ ሰቀሏት?" መልስ አልነበረኝም።

ከላይ ያለው የመርከቧ ሥር ግን መልስ አያስፈልገውም። በጥገናው ጊዜ ሦስት ሜትር ያህል ከፍ አድርገው ሰቅለዋታል፤ ከሥሯ ትሄዳላችሁ። ወርቅማው የብረት ልብስ በራሳችሁ ላይ ይዘረጋል። ቅርጿን የምታዩት እዚህ ነው፤ ፊቷ እንደ ቢላ የቀጠነ፣ ሆዷ ወጣ ያለ፣ ኋላዋ ደግሞ የሚቀጥን። እኔ ሕይወቴን ሙሉ መርከብ ሳይ ከውኃ በላይ ያለውን ግማሽ ብቻ ነው ያየሁት። ሌላውን ግማሽ ያየሁት በስድሳ ስምንት ዓመቴ እዚህ ነው።

ስለ መስታወቱ ሁለት ቃል። ከውጭ ሲያዩዋት መታጠቢያ ገንዳ ውስጥ የተቀመጠች ትመስላለች። በ2012 የዓመቱ አስቀያሚ ሕንፃ የሚል የፌዝ ሽልማት ተሰጥቶት ነበር፤ አልፈርድባቸውም። ውስጥ ሲገቡ ግን ያ ሁሉ ይረሳል። ደግሞ መኖሯም ተአምር ነው። በሜይ 2007 ለጥገና ተፈታትታ ሳለ፣ ሳይጠፋ በተተወ መጥረጊያ ማሽን እሳት ተነሣባት። ደግነቱ ምሰሶዎቿና ብዙው እንጨቷ አስቀድሞ ወልቆ ሌላ ቦታ ነበር።

ከአምስት ኮከብ አራት እሰጣታለሁ። አምስተኛውን ያስቀረሁት በሒሳብ ነው። እንግሊዞች በንግድ ያሠሯት 26 ዓመት ነው። በ1895 ለፖርቹጋሎች ሸጧት፤ እነሱ ደግሞ 27 ዓመት ሠሩባት። ስሟን ፌሬይራ አሏት፤ መርከበኞቹ ግን "ፔኬና ካሚዞላ" ይሏት ነበር፤ ትንሿ ሸሚዝ። ስሟን ቢነጥቋትም ሸሚዟን አላወለቁባትም። ሊዝበንን፣ ሪዮን፣ አንጎላን፣ ሞዛምቢክን ተመላልሳለች። በ1916 ከኬፕ አጠገብ ምሰሶዋ ተሰበረ፤ ጦርነት ነበርና እንጨት ጠፍቶ ያላትን አሳንሰው አቆሙላት። በ1922 ዶውማን የሚባል ካፒቴን ፋልማውዝ ወደብ አያት። በልጅነቱ ሌላ መርከብ ላይ ሲሠራ በአጠገቡ ሽው ብላ አልፋ ነበር። 3,750 ፓውንድ ከፍሎ ገዛት። እኔ ብሆን ያንን የድካም ዘመን ሰፋ ያለ ግድግዳ እሰጠው ነበር። ሰው ሁሉ ስለ ስምንቱ የሻይ ጉዞ ያወራል። መርከቧ የኖረችው ግን ሰው በናቃት ጭነት ነው።

ለማን ነው የምመክረው? ልጅ ላለው፣ ዕቃ መላክና መቀበል ሥራው ለሆነ፣ ጅቡቲ ኮንቴይነር ቆሞበት ለሚያውቅ። ሁለት ሰዓት ተኩል ያዙ። ሻይ ከፈለጋችሁ ከመርከቧ ሥር ያለችው ቦታ ጠጡ፤ የሻይ መርከብ ሥር ተቀምጦ ሻይ መጠጣት ደስ ይላል። እኛ ከወጣን በኋላ ስሟን የማልጠራት አንዲት ካፌ ገብተን ለሁለት ሳንድዊችና ለቀዘቀዘ ቡና የከፈልነውን ሳስበው እስካሁን ያመኛል። ሂሳቡን ሦስት ጊዜ ደመርኩት። ልክ ነበር፤ ያናደደኝም እሱ ነው።

ወንዙ ዳር ቆመን ማኪና ጣቱን በምራቁ አርሶ ወደ ላይ አነሣ። የሳምቡክ ሰዎች እንደሚያደርጉት። እሱ፣ የሞተር ሰው!

"ከሰሜን ምዕራብ ነው" አለኝ።

"እንግዲያው በሱዌዝ አናልፍም።"

"በኬፕ ነዋ" አለና ጉልበቱን እያሻሸ ቀድሞኝ ሄደ። ጣቢያው በስተጀርባችን ሦስት ደቂቃ ነው። እኛ በወንዙ ዳር ዞረን፣ በአርባ ደቂቃ ደረስን።